ስሜ የታተመበት አንዱ መጽሐፍ

በዚህ ዓመት በረዶው ቀልጦ እንዳለቀ የመጨረሻውን ካርቶን በፕላስተር አሽጌ፣ የምሠራበትን ቤዝመንት መብራት አጠፋሁና ቁልፉን ለሟቹ አለቃዬ ልጅ ለሚራ አስረከብኩ። ሰባ አራት ዓመቴ ነው። የእኔን ሥራ የሠራ ሐበሻ በኮሎምበስ የለም። በመላው አሜሪካም ያለ አይመስለኝም፤ ካለ ይምጣና እንተያይ።

ሥራዬ ይህ ነበር። የሕንድ ደራሲያን በየአካባቢያቸው ቋንቋ፣ በኦድያ፣ በቤንጋሊ፣ በማራቲ የሚጽፏቸው አጫጭር ልቦለዶች ወደ እንግሊዝኛ ይተረጎማሉ። ተርጓሚው የላከውን ጽሑፍ ዓረፍተ ነገር በዓረፍተ ነገር ጮክ ብሎ እያነበበ የሻከረውን የሚያለሰልስ፣ የጠመመውን የሚያቃና ሰው ያስፈልጋል። ያ ሰው እኔ ነበርኩ። ትምህርቴን ያቋረጥኩት ከስምንተኛ ክፍል ነው። እንግሊዝኛን ራሴን በራሴ አስተማርኩ፤ አስተማሪውም ተማሪውም ጎበዝ ነበሩ።

ይህን ስናገር ሰው ሁሉ የሚጠይቀኝ “ታዲያ ስምህ የቱ ላይ አለ?” ብሎ ነው። ካቃናኋቸው መጻሕፍት ሁሉ ስሜ የታተመው በአንዱ ላይ ብቻ ነው። ስለዚያ መጽሐፍ ለማንም አውርቼ አላውቅም። አሁን ሥራውም ስላበቃ ልናገር።

በዲቪ ስመጣ መጀመሪያ የገባሁት እንደ ብዙው ሰው ግሮቭፖርት ነው፣ ዌርሃውስ። የእኛ መጋዘን መጽሐፍ የሚከፋፈልበት ነበር። ጥጉ የታጠፈ፣ ሽፋኑ የተቀደደ መጽሐፍ “ዳሜጅ” ተብሎ አንድ ትልቅ ሣጥን ውስጥ ይጣላል። ሱፐርቫይዘራችን ከዚያ የፈለግነውን እንድንወስድ ፈቅዶልን ነበር። ሌሎቹ የመኪና ጥገናና የምግብ አሠራር ይመርጣሉ። እኔ አጭር ልቦለድ እወስዳለሁ። ለምሳ እረፍት ልክ ነው፤ በሠላሳ ደቂቃ ውስጥ የአንድ ሰው ሕይወት ተጀምሮ ያልቃል።

አንድ ቀን ከኦድያ የተተረጎመ የታሪኮች መድበል አገኘሁ። ኦድያ በሕንድ ምሥራቅ የባሕር ዳርቻ የሚነገር ቋንቋ ነው። ያን ጊዜ ስሙንም ሰምቼ አላውቅም ነበር። ሳነበው ግን አማቷ ፊት ቀና የማትል ምራት አገኘሁ፤ መሬት ሲካፈሉ የተኳረፉ ወንድማማቾች አገኘሁ፤ የልጃቸውን ደብዳቤ የሚያነብላቸው አጥተው በመቀነታቸው ቋጥረው የሚዞሩ ሴት አገኘሁ። እነዚህን ሰዎች አውቃቸዋለሁ አልኩ። እንግሊዝኛው ግን አንዳንድ ቦታ ያነክሳል።

“ጋሼ በላቸው፣ ይህን ሁሉ የሕንድ መጽሐፍ አንብበው መቼ ነው ዛፍ ለዛፍ እየሮጡ መዝፈን የሚጀምሩት?” ይለኝ ነበር ፎርክሊፍት የሚነዳው ዳንኤል።

“አንተ ሰባት ፊልም አይተህ ሕንድን ያወቅክ መስሎሃል” እለዋለሁ።

“ስምንት ነው፤ አንዱን ሁለቴ አይቼዋለሁ።”

የመጽሐፉን የመጨረሻ ገጽ ሳይ አሳታሚው የሚገኘው ዌስተርቪል ነው ይላል። ከመጋዘናችን ግማሽ ሰዓት መንገድ! እኔ የሕንድ መጽሐፍ ከሕንድ የሚመጣ ነበር የሚመስለኝ። በእረፍት ቀኔ ያገኘኋቸውን ስሕተቶች በወረቀት ጽፌ ነድቼ ሄድኩ። አሳታሚ ስል ሕንፃ ጠብቄ ነበር። የደረስኩት ግን ጋራዡ በራፍ ላይ የቅርጫት ኳስ መረብ የተሰቀለበት ተራ መኖሪያ ቤት ነው። በሩን የከፈቱልኝ አጭር፣ ቀጭን፣ ሹራብ የለበሱ፣ ጆሯቸው ላይ እርሳስ የሰኩ ሰው ነበሩ። ሚስተር ናያክ ይባላሉ። የመድበሉ ተርጓሚም አሳታሚም እሳቸው ናቸው።

“መጽሐፍዎ ውስጥ ስሕተት አግኝቻለሁ” አልኳቸው፣ ሰላምታም ሳላስቀድም።

“ስንት?”

“ዘጠኝ።”

“ግባ” አሉኝ።

እጃቸውን ታጥበው መጡና ጠረጴዛ ላይ ተቀመጥን። አንድ በአንድ አየናቸው። ሲጨርሱ “አራቱ ላይ ልክ ነህ። አምስቱ ላይ ተሳስተሃል። ግን እስከ ዛሬ ስሕተት ሊነግረኝ መኪና አስነስቶ የመጣ ሰው የለም” አሉ። እኔ እስከ ዛሬ ስድስቱ ላይ ልክ ነበርኩ እላለሁ።

ከዚያ አንድ ጥያቄ ጠየቁኝ። “በእናንተ ቋንቋ ሰውን ‘ዩ’ ለማለት ስንት ቃል አላችሁ?”

“አንተ፣ አንቺ፣ እናንተ፣ እርስዎ፤ እኔ ባደግኩበት አገር ደግሞ አንቱ።”

የያዙትን ብርጭቆ አስቀመጡ። የኦድያ ሰዎች ሦስት አላቸው። “ቱ” ለልጅ፣ ለቅርብ ወዳጅ፣ ለሚናቅም ሰው ነው። “ቱሜ” መካከለኛው ነው። “አፓና” የአክብሮት ነው፣ እንደኛ አንቱ። “አሜሪካዊ አራሚዎች ነበሩኝ” አሉኝ። “ጎበዞች ናቸው። ግን አንድ ሰው ከአፓና ወደ ቱ ሲወርድ ቤቱ ውስጥ ጣሪያ እንደተደረመሰ አይገባቸውም።”

እኔ ሲነግሩኝ ጣሪያው ተሰማኝ። ሥራ የጀመርኩት እንዲህ ነው። መጀመሪያ ቅዳሜና እሑድ ነበር፤ በኋላ መጋዘኑን ትቼ ሙሉ በሙሉ ገባሁ። ደሞዙ ከመጋዘኑ ያነሰ ነበር፤ ባለቤቴ ለአንድ ሳምንት አኮረፈችኝ፤ ይኸው ነው።

ችሎታዬን ያስመሰከርኩበትን አንድ ጉዳይ ልንገራችሁ። በአንድ ታሪክ ውስጥ ባሏ የሞተባት ምራት አማቷን ሃያ ገጽ ሙሉ አፓና ስትላቸው ትቆያለች። በመጨረሻው ገጽ፣ የእህሉን ጎተራ ቁልፍ ከእጃቸው ስትቀበል፣ አንዴ ብቻ ቱ ትላቸዋለች። ታሪኩ ያ ነው፤ ሌላ የለውም። በእንግሊዝኛ ሁለቱም ‘ዩ’ ናቸው። ሚስተር ናያክ ለአንድ ወር ሲታገሉበት ቆይተው ሊጥሉት ነበር። እኔ ሦስት ቀን አሰብኩና “ጋሼ ናያክ፣ ሃያውን ገጽ ሙሉ አማቷን በተናገረች ቁጥር ዓረፍተ ነገሯን ‘አባት’ ብላ ትጨርስ። ቁልፉን ስትቀበል ቃሉን ትተወው። ዓረፍተ ነገሩ ባዶ አፉን ይቅር” አልኳቸው። ቀና ብለው አዩኝ። እርሳሳቸውን ከጆሯቸው አውርደው ሰጡኝና “አንተ ጻፈው” አሉ። ያ ታሪክ በየክፍሉ የሚማሩበት ሆነ። ስሜ የለበትም።

ጋሼ የምላቸው ከልቤ ነበር። ትርጉሙን ጠይቀውኝ ስነግራቸው ደስ አላቸው።

ልማዳቸው ብዙ ነው። ጽሑፍ ከመንካታቸው በፊት እጃቸውን ይታጠባሉ። የኦድያውን ዓረፍተ ነገር ጮክ ብለው ያነቡታል፣ ዓይናቸውን ይጨፍናሉ፣ ከዚያ እንግሊዝኛውን እኔ አነባለሁ። “አሁን ክፍሉ ውስጥ ማን አለ?” ይሉኛል። ተናጋሪዎቹን ሁለቱን ብቻ ከጠራሁ ይቆጣሉ፤ መጋረጃ ጀርባ የምትሰማውን ምራት መርሳት የለብኝም። በየኅዳጉ ላይ በእርሳስ ቁጥር ይጽፋሉ። አንድ ማለት ቱ፣ ሁለት ቱሜ፣ ሦስት አፓና። አንባቢ የማያየው፣ እኔና እሳቸው ብቻ የምንተያይበት ቁጥር ነው።

የዝምድና መጠሪያ ግን በፍጹም አይተረጉሙም። አፓ ማለት ታላቅ እህት ነው፣ እንደኛ እትዬ፤ አፓ ብለው ይተዉታል። መጽሐፉ ጀርባ ላይ የቃላት መፍቻ አያደርጉም። “እንግዳ ሆነህ ሰው ቤት ስትገባ የቤተሰቡ ስም ደረታቸው ላይ ተለጥፎ ትጠብቃለህ?” ይላሉ። “ቁጭ በል፣ አዳምጥ፣ ማን እናት ማን አክስት እንደሆነች እራት ሳይቀርብ ይገባሃል።”

እኔ በዚህ አልስማማም ነበር። እንግዳ የሆነ ሰው መቸገር የለበትም ባይ ነኝ። ስለዚህ ለራሴ መዝገበ ቃላት አዘጋጀሁ። ያገኘሁትን ቃል ሁሉ ከነትርጉሙ እየመዘገብኩ አራት ወፍራም ደብተር ሞላሁ። ዩኒቨርሲቲ የጨረሱ ተርጓሚዎች ስልክ እየደወሉ “እስኪ ደብተርህን እይልኝ” ይሉኝ ነበር። በነዚያ ደብተሮች የኮራሁትን ያህል በልጆቼ ዲፕሎማ አልኮራሁም። አንድ ነገር ግን ጎድሏቸው ነበር። ቃሉ ከየትኛው ቋንቋ እንደመጣ አልጻፍኩም። ለእኔ ሁሉም የሕንድ ነበር።

አሁን ወደ ማላቲ ልምጣ።

ማላቲ ኦድያ በሚነገርበት ባሕር ዳርቻ በአንዲት ትንሽ ከተማ የሚኖሩ ጡረተኛ የትምህርት ቤት መምህርት ነበሩ። በዕድሜያቸው ሙሉ የጻፉት አሥራ ሁለት ታሪክ ብቻ ነው። ከሚስተር ናያክ ጋር የአንድ ሰፈር ልጆች ናቸው፤ እሳቸው በዕድሜ ይበልጣሉ፣ ሚስተር ናያክ “ማላቲ አፓ” ይሏቸዋል። ሚስተር ናያክ ለእኔ “ሁላችንም ያየነውን ጻፍን፤ እሷ ያላየነውን ጻፈች” ብለውኛል። አሥራ ሁለቱንም ለራሳቸው ደስታ ተርጉመው፣ እኔም ብቻዬን አቃንቻቸው፣ በመሳቢያ ውስጥ ነበሩ። ለማተም ግን ማላቲ አይፈቅዱም። እንግሊዝኛን አያምኑትም። ለዓመታት ተለምነው በመጨረሻ አንድ ነገር ተስማሙ። መጀመሪያ አንድ ታሪክ በመድበል ውስጥ ይውጣ። የእህታቸው ልጅ የእንግሊዝኛ መምህርት ናት፤ እሷ ትተርጉምላቸውና ይስሙት። ደስ ካላቸው አሥራ አንዱን ይሰጣሉ።

በዚያው ሰሞን ሚስተር ናያክ “የዚህ መድበል ሽፋን ላይ ከስሜ ሥር ስምህ ይወጣል” አሉኝ። ለዚህች ቃል ስንት ዓመት ጠብቄ ነበር! ለቤተሰብ ሁሉ ደወልኩ።

ጽሑፉ ወደ ማተሚያ ቤት ሊሄድ ሁለት ሳምንት ሲቀረው ሚስተር ናያክ ልባቸውን ታመው ሆስፒታል ገቡ፤ ኦፕራሲዮን ተደረገላቸው። የመጨረሻው እርማት በእኔ እጅ ቀረ። ለመጨረሻ ጊዜ ጽሑፉን የምታይልን አንዲት አሜሪካዊት ጡረተኛ አስተማሪ ነበረች። የማላቲ ታሪክ ኅዳግ ላይ “ቦው ማን ናት? ስም ነው? አንባቢ ይቸገራል” ብላ ጻፈችልኝ።

ታሪኩ እንዲህ ነው። አንድ ሰው ከዘጠኝ ዓመት በኋላ ከፋብሪካ ከተማ ወደ መንደሩ ይመለሳል። ደጃፍ ላይ ቆሞ “ቦው!” ብሎ ይጣራል። የምትወጣው ሴት ዓይኗ ደክሟል፤ ፊቱን በእጇ ዳብሳ ታውቀዋለች። እግሩን ታጥባለች፣ ውኃ የሞላበት የአደረ ሩዝ ታቀርብለታለች፣ “በዚህ ክንዴ ላይ ነበር የምትተኛው” ትለዋለች። ሲነጋ ምንም ሳይናገር ተመልሶ ይሄዳል። ማላቲ ሆን ብለው ከዚያ ከአንድ መጠሪያ በቀር ሴትዮዋ ማን እንደሆነች አይናገሩም።

ደብተሬን ከፈትኩ። በእጄ ጽሑፍ “ቦው፦ ሚስት፣ ሙሽራ” ይላል። ከዓመታት በፊት ከአንድ የቤንጋሊ ታሪክ የመዘገብኩት ነው። ለማረጋገጥ ኅዳጉን አየሁ፤ ከሰውየው ንግግር አጠገብ በሚስተር ናያክ እርሳስ ቁጥር አንድ ተጽፏል። ቱ ይላታል ማለት ነው። እኔ ባደግኩበት ቤት እናት አንቱ ትባላለች። እናቱን አንቺ የሚል ልጅ በእኛ ሰፈር ባለጌ ነው የሚባለው። ስለዚህ ቁጥሯ ምስክር ሆነችልኝ። ሚስቱ ናት አልኩ።

‘ቦው’ የሚለውን ከታሪኩ ሁሉ አውጥቼ ‘ባለቤቴ’ ብዬ ተካሁ። አንድ ቦታ ሴትዮዋ ጥርሷ የረገፈ ነው ይላል፤ ሰውየው ግን አንድም ሽበት የለውም። ደራሲዋ ዘንግተው ይሆናል ብዬ የጥርሱን ነገር ሰረዝኩት። የደራሲን ስሕተት ማረም ደስ ይለኝ ነበር።

ልጠይቃቸው እችል ነበር። ይህን ሳልጽፍ ባልፍ ዋሾ ነኝ። ሆስፒታል በየቀኑ እሄዳለሁ፤ አልጋቸው አጠገብ ተቀምጬ ስለ አየሩ፣ ስለ ነርሶቹ እናወራለን። አንድ ጥያቄ ናት፣ አንድ ቃል። ስሜ ሽፋኑ ላይ ሊወጣ ነው፤ ስሙ ሽፋን ላይ የወጣ ሰው “ይህ ቃል ምን ማለት ነው?” ብሎ አይጠይቅም ብዬ ዝም አልኩ።

መጽሐፉ ታተመ። ኢስተን የገበያ ማዕከል አጠገብ በተከራየነው ትንሽ አዳራሽ ንባብ አዘጋጀን። ሚስተር ናያክ ገና ቤት ውስጥ ስለነበሩ መድረክ ላይ የወጣሁት እኔ ነኝ። ሱፍ ለብሼ የማላቲን ታሪክ አነበብኩ። ስጨርስ አንዲት አሜሪካዊት ዓይኗን እየጠረገች መጥታ “እንዲህ ያለ የፍቅር ታሪክ አንብቤ አላውቅም” አለችኝ። ፈረምኩላት። በሕይወቴ እንደዚያ ቀን ቁመቴ ረዝሞ አያውቅም።

መጽሐፉን ለሚስተር ናያክ ወሰድኩላቸው። የታተመ ትርጉማቸውን መልሰው አያነቡም፤ ይህም ልማዳቸው ነበር። ሽፋኑን ብቻ ዳበሱና ስሜ ላይ ጣታቸውን አሳርፈው “አምሮበታል” አሉ።

ከጥቂት ሳምንታት በኋላ ከሰዓት በፊት ሳሎናቸው ተቀምጠን ስልክ ጠራ። ስፒከር ላይ አደረጉት። “ማላቲ አፓ!” አሉ ፊታቸው በርቶ።

ከወዲያ የመጣው ድምፅ ቀዝቃዛ ነበር። ኦድያ የማውቀው ጥቂት ቃል ነው። ነገር ግን “አፓና” ሲሉ ሰማሁ። እኚህ ሴት ሚስተር ናያክን ከልጅነታቸው ጀምሮ ቱ ነበር የሚሏቸው። ማንም ሳይተረጉምልኝ አንድ ነገር እንደተሰበረ ገባኝ።

ሚስተር ናያክ መጽሐፉን አንስተው ገጹን ፈለጉ። ጣታቸው መስመር በመስመር ወረደ፤ ገጽ ገለጡ፤ እንደገና ወረደ። ከዚያ ወደ እኔ ዞረው፣ እንደ ሥራ ሰዓታችን፣ ዓረፍተ ነገሯን ተረጎሙልኝ።

“አፓ ‘እናቴን ለወንድሜ የዳራት ማነው?’ ትላለች።”

አልገባኝም። “እናታቸውን?”

“ታሪኩ የወንድሟና የእናቷ ነው። በኦድያ ቦው ማለት እናት ናት፣ በላቸው።”

“ቤንጋሊ ውስጥ ግን ሚስት…”

“እሷ የጻፈችው በቤንጋሊ ነው?”

“ቱ ይላታል! ኅዳጉ ላይ ቁጥር አንድ ጽፈዋል!”

“እኛ እናታችንን ቱ ነው የምንላት” አሉ። “ከእሷ የሚቀርብ ማን አለ?”

ከስልኩ ውስጥ ያው ጥያቄ እንደገና መጣ፤ ቃሎቹን አሁን ለየኋቸው። ሚስተር ናያክ አዩኝ። እኔ ምንጣፉን ነበር የማየው። በመጨረሻ ወደ ስልኩ ዞረው “ሙ” አሉ።

ያንንም ቃል አውቀዋለሁ። “እኔ” ማለት ነው።

ምን ቀላል ነበር፣ ከተቀመጥኩበት ብድግ ብሎ “አይደሉም፣ እኔ ነኝ” ማለት! እንግሊዝኛም ቢሆን የእህታቸው ልጅ ትተረጉምላቸው ነበር። አፌ አልከፈት አለ። ማላቲ ጥቂት ጠበቁ። ከዚያ አጭር ነገር ተናግረው ስልኩ ተዘጋ። አሥራ አንዱን ታሪክ ከልክለዋል።

“ለምን ‘እኔ ነኝ’ አሉ?” አልኳቸው።

“ሽፋኑ ላይ ስምህ ከስሜ ሥር ነው። የሚጠየቀው የላይኛው ስም ነው።”

ከዚያ ደብተሬን እንዳመጣ አዘዙኝ። ‘ቦው’ የሚለውን ቃል ፈለጉና ከጎኑ በእርሳስ “ቤንጋሊ” ብለው ጻፉ። ከሥሩ “ኦድያ፦ እናት” ጨመሩበት። አልተቆጡኝም። ቢቆጡኝ ይሻለኝ ነበር ብዬ ልላቸው አሰብኩ፤ ያንንም አልተናገርኩም። ደብተሮቹን በሙሉ እንደገና ከመጀመሪያው ቃል ጀምሬ ቋንቋ ቋንቋቸውን ስጽፍ ሁለት ክረምት ፈጀብኝ። ያልተሸጡት መጻሕፍት ውስጥ የእርማት ወረቀት ለጠፍኩ። የተሸጡት ሄደዋል። ያቺ አሜሪካዊት የፍቅር ታሪኳን ይዛ የት እንዳለች አላውቅም።

ከዚያ በኋላ ከሚስተር ናያክ ጋር ብዙ መጽሐፍ ሠርተናል፤ ጥሩ ጥሩ መጻሕፍት። ስሜን ሽፋን ላይ ለማውጣት አልጠየቁኝም፤ እኔም አልጠየቅኳቸውም። የማላቲ ስም በመካከላችን ዳግመኛ አልተነሣም። እሳቸው ሲሞቱ ሚራ የቀሩትን ሥራዎች እንድጨርስ ለመነችኝ፤ እስከ ዘንድሮ ያቆየኝ እሱ ነው።

ከቀብሩ በኋላ ለማላቲ ደብዳቤ ጻፍኩ። ስሕተቱ የእኔ እንደነበር፣ ሚስተር ናያክ አንዲት ፊደል እንዳልነኩ፣ የተቀየረውን ሁሉ ቃል በቃል ዘርዝሬ ነገርኳቸው። በመጨረሻም ለእሳቸው መታሰቢያ ይሁንና አሥራ አንዱን ታሪክ እንድናትም ይፍቀዱ ብዬ ለመንኩ። ደብዳቤው በሚገባ የተጻፈ ነበር። እንዲያውም ከጻፍኳቸው ሁሉ የተሻለው ነው።

መልሱ በሦስተኛው ወር መጣ። አንድ ገጽ፣ በራሳቸው እጅ፣ በኦድያ ፊደል። ፊደላቸው ክብ ክብ ነው፤ ድሮ በዘንባባ ቅጠል ላይ ሲጽፉ ቀጥ ያለ መስመር ቅጠሉን ስለሚቀድድ ነው ይላሉ። ያን ሁሉ ዓመት አብሬው ኖሬ አንድ መስመር ማንበብ አልችልም። በንባቦቻችን ላይ ከማውቃቸው የኦድያ ቤተሰቦች ወደ አንዱ ይዤው ሄድኩ። ወጣቷ እመቤት ኩሽናዋ ውስጥ ቆማ መጀመሪያ ለራሷ አነበበችው። ከዚያ “አንክል፣ ልንገርዎት?” አለችኝ።

“ንገሪኝ።”

እንዲህ ይላል። “ናያክ ‘እኔ ነኝ’ ሲለኝ እንደዋሸ ያን ጊዜውኑ አውቄያለሁ። እናቱን ቦው ብሎ ጠርቶ ያደገ ሰው ይህን ቃል አይስትም። ስሕተት ይሠራል፤ እኔም አስተማሪ ነበርኩ። ነገር ግን ከአጠገቡ የእርስዎ ትንፋሽ ይሰማኝ ነበር። እስኪናገሩ ጠበቅሁ። አልተናገሩም። ታሪኮቼ ባሉበት ይቆዩ።”

ልጅቷ ወረቀቱን አጣጥፋ ሰጠችኝ። “አፓና ነው ያሉኝ?” አልኳት። “አዎ፣ አፓና” አለች።

ማላቲም ከዚያ በኋላ ብዙ አልቆዩም። ለእህታቸው ልጅ ጻፍኩላት፤ አክስቴ ያለችው ይጸናል አለችኝ።

አሥራ አንዱ ታሪክ አሁን ቤቴ ነው። ሚስተር ናያክ ተርጉመዋቸው፣ እኔ አቃንቻቸው፣ በኋላም ብቻዬን አሥር ጊዜ ተመላልሼባቸው፣ አንዲት የምትሻክር ቃል የለባቸውም። በእንግሊዝኛ ያነበብናቸው ሁለት ሰዎች ነበርን፤ አሁን አንድ ነኝ። ከሠራሁት ሁሉ የሚበልጡት እነሱ ናቸው። ይህን የምለው ስለ ራሴ ማውራት ስለምወድ አይደለም፤ እወዳለሁ፣ ግን ለዚያ አይደለም።

ባለፈው እሑድ ልጄ ሄለን ዕቃዬን ልታግዘኝ መጥታ ፋይሉን አገኘችው። ቆማ ጥቂት መስመር አነበበችና ቀና አለች።

“ዳድ፣ ዚስ ኢዝ ሪሊ ጉድ። ኦንላይን ፖስት አድርጋቸው። ሁ ኬርስ? ሰዎቹ ሞተዋል።”

“አይሆንም። አስቀምጪው።”

አስቀመጠችው። ከዚያ አጠገቤ መጥታ ተቀመጠች። ሄለን ያደገችው እዚህ ነው፤ በአማርኛ ሳናግራት በእንግሊዝኛ ነው የምትመልስልኝ። ስለ ሥራዬ አንድም ቀን ጠይቃኝ አታውቅም።

“አባዬ” አለችኝ በአማርኛ፣ ቃሉን እየፈለገች። “እሺ አታሳየኝ። አንዱን ብቻ፣ ስለ ምን እንደሆነ ንገረኝ።”

የመጀመሪያው ታሪክ የመጀመሪያ ዓረፍተ ነገር ምላሴ ላይ ነበረ። ዋጥኩት።

“የታሪኮቹ ባለቤት አይፈቅዱም” አልኳት።